«ምቹ የሥራ ቦታ» ብዬ የጻፍሁት ማመልከቻ

«ጥያቄዎ ተቀባይነት ስላገኘ ከፎቅ ወደ ምድር ቤት ተዛውረዋል።» ሐሊማ ዛሬ ጠዋት ይህን ደብዳቤ በረንዳዬ ላይ ዘረጋችልኝ።

ሐሊማ የቀድሞ የአማርኛ ተማሪዬ ናት። በክራንች ትሄዳለች፤ የምትሠራው መቻራ፣ የእግሯ ሕክምና ግን እዚህ ጭሮ ነው። በየሳምንቱ በዚያ ኮረኮንች መንገድ ትመላለሳለች። የጠየቀችው ወደ ጭሮ እንድትዛወር ነበር።

ማመልከቻውን የጻፍሁት እኔ ነኝ። «ለጉዳቴ ምቹ ወደ ሆነ የሥራ ቦታ እንድዛወር» ብያለሁ። የከተማውን ስም መጨመር የዐረፍተ ነገሩን ውበት የሚያጎድል መስሎኝ ተውሁት።

ለመሥሪያ ቤቷ የሰው ኃይል ባለሙያ ስደውልለት፣ «አባባ፣ ምድር ቤት ቦታ አይደለም እንዴ?» አለኝ።

ነው።

«ግድ የለም ጋሼ» አለች ሐሊማ እየሳቀች። «ወላሂ፣ ሰዋስዉ ላይ አንድ ስሕተት አልተገኘበትም!»

እኔ አልሳቅሁም። ቀጣዩ የዝውውር ወቅት የሚመጣው ከዓመት በኋላ ነው፤ እስከዚያ በመንገድ የምትንገላታው እርሷ ናት። አዲሱን ማመልከቻ አሁን ጨረስን፤ «ጭሮ» የሚለው ስም ሦስት ጊዜ ተጽፎበታል። ደክሞኛል።

በአንድ ቃል ምክንያት ጉዳያችሁ የተበላሸባችሁ ካላችሁ ጻፉልኝ። የፊደል ግድፈታችሁን ዛሬ አላርምም።