ወገኑ ያልተለየ

በዩኒቨርሲቲው የሥነ ሕይወት ሕንፃ ምድር ቤት ውስጥ ጠርሙስ የምትጠብቅ ሴት አለች። ተማሪዎቹ «እትዬ ጠርሙስ» ይሏታል። ስሙን ያወጣላት ቀልደኛ ተመርቆ፣ አግብቶ፣ ወልዶ፣ ይሄኔ ራሰ በራ ሆኗል፤ ስሙ ግን እሷው ላይ ተጣብቆ ቀረ። ሥራዋ ላይ ላዩን ሲያዩት ቀላል ነው። አልኮሉ የጎደለውን ጠርሙስ ትሞላለች፣ ክዳኑ የላላውን ታጠብቃለች፣ የደበዘዘውን መለያ ወረቀት በአዲስ ገልብጣ ትለጥፋለች። ጠርሙሶቹ ውስጥ ያሉት እባቦች፣ እንሽላሊቶች፣ እስስቶችና ትናንሽ ኤሊዎች ናቸው። ከእነሱ ጋር ሠላሳ አንድ ዓመት ውላለች።

የእጅ ጽሑፏ ያምራል። መምህራኑ የሚጭሩትን እሷ ካልገለበጠችላቸው ራሳቸውም መልሰው አያነቡትም። ገልባጭ ብቻ ናት ብሎ የናቃት ተማሪ ግን ብዙም ሳይቆይ ያፍራል።

«የእነዚህ ሁሉ መደብ አንድ ነው፣ ገበሎ አስተኔ» ትላለች፣ በእርሳሷ መደርደሪያውን እያሳየች። «ኤሊ ቤቷን ተሸክማ ለብቻዋ አንድ ክፍለመደብ ናት። አዞም ሌላ ነው። እባብና እንሽላሊት ግን አንድ ክፍለመደብ ውስጥ ናቸው። ከዚያ ወደ አስተኔ፣ ከዚያ ወደ ወገን፣ ከዚያ ወደ ዝርያ እየጠበበ ይሄዳል።»

«እባቡን ከእንሽላሊት በእግሩ ነው የምንለየው?» ይላል ሁልጊዜ አንዱ።

«ተው እባክህ! እግር የሌለው እንሽላሊትም ሞልቷል። ዓይኑን እይ። እንሽላሊት የዓይን ቆብ አለው፣ ይጨፍናል። እባብ ቆብ የለውም። ሞቶም ያይሃል።»

ተማሪዎቹ ይስቃሉ። እሷ አትስቅም። ጠዋት ጠዋት በሩን ከፍታ መብራቱን ስታበራ፣ ሁለት መቶ ከሚያህሉ ጠርሙሶች ያልተከደኑ የእባብ ዓይኖች ይቀበሏታል። እዚህ የሠራ ሁሉ ይህን ለመድኩት ይላል፤ እሷ ግን በሠላሳ አንድ ዓመት አንድም ቀን አልለመደችውም። ታፍራቸዋለች ብል ይሻላል። አንድ ነገር የሚያውቁባት፣ አውቀውም ዝም ያሏት ይመስላታል።

ከመጨረሻው መደርደሪያ ጥግ፣ ብርሃን በማይደርስበት፣ ፊቱን ወደ ግድግዳ ያዞረ አንድ ጠርሙስ አለ። መለያው «እባብ። ሰው የገደለ። ወገኑ ያልተለየ» ይላል። ከሥሩ ቀን አለ። ይህን ወረቀት አራት ጊዜ ገልብጣዋለች። አራቱንም ጊዜ አሮጌውን የላጠችው፣ አዲሱንም የለጠፈችው ጠርሙሱን ሳታዞር በዳበሳ ነው። የገደለው ሰው ወንድሟ ነበር።

ታላቅ ወንድሟ ግንበኛ ነበር። አባታቸው ከሞተ በኋላ ያሳደጋት እሱ ነው። እሷ ዩኒቨርሲቲ ገብታ ሥነ ሕይወት ማጥናት ስትጀምር ደስታው ቅጥ አጣ፤ ስሟን ትቶ «ሊቋ» ይላት ጀመር። ጎረቤት ጥርሱን ሲያመው እንኳ «ቆይ ሊቋ ትምጣና እንጠይቃት» ይል ነበር። ትቆጣዋለች፣ ግን ደስ ይላታል። ደስ እንደሚላትም ያውቃል።

ሁለተኛ ዓመቷን እንደጨረሰች፣ አንድ ከሰዓት በኋላ ከቤቱ ጀርባ ለአጥር የከመረውን ድንጋይ ሲያነሳ ከሥሩ አንድ ረጅም ነገር ተሳበ። አብረውት የሚሠሩት ሁለት ሰዎች እግሬ አውጪኝ ብለው አጥሩን ዘለሉ። እሱ ቆሞ ተጣራ።

«ሊቋ! ነይ እስቲ ፍረጂ!»

መጣች፣ ጎንበስ ብላ አየች። የእንስሳው ዓይን ተጨፍኖ ሲገለጥ ያየች መሰላት።

«እባብ አይደለም ጋሼ። እንሽላሊት ነው፣ እግር የለውም እንጂ። ምንም አያደርግህም፣ ያዘው።»

«ሊቋ ካለች አለቀ» አለና ጅራቱን ጨበጠ። ጅራቱ ተበጥሶ እጁ ላይ ቀረ፣ እየተወራጨ። ወንድሟ እንባው እስኪመጣ ሳቀ። እንስሳው በድንጋዮቹ መሀል ሾልኮ ገባ፤ እሱም እየሳቀ እጁን እስከ ክርኑ ድረስ አስከትሎ ሰደደ። ከዚያ ሳቁ ቆመ።

ቆሌዋ ተገፍፎ መኪና ፍለጋ ወደ መንገድ ሮጠች። ስትመለስ ጎረቤቱ ሁሉ ክምሩን ገልብጦ ያገኘውን አንድ ነገር በድንጋይ ቀጥቅጦ በማዳበሪያ ከረጢት ጠቅልሎት ነበር። መኪናው ውስጥ ከወንድሟ ጋር የገባችው ሚስቱ ናት፤ ለእሷ ቦታ አልነበረም። ከረጢቱንም ሐኪም ይየው ብለው አብረው ጫኑት። ሳይመሽ ሞተ። ሆስፒታሉ «እባብ ነው» አለ፤ ማንም ከረጢቱን በቅጡ አላየም፤ ሰው ሞቷል፣ የሚሳብ ነገር አለ፣ ሌላ ምን ይጠየቃል?

እሷም «እባብ ነው» የሚለውን ሰምታ ክው አለች። እንግዲያው ተሳስቻለሁ ማለት ነው። ዓይኑ ሲጨፈን አየሁ ያልኩት ለመታየት ነው፣ ለመመስገን ነው። ጅራቱስ? በእርግጥ ተበጥሶ ነበር ወይስ አእምሮዬ ፈጠረው? ለማንም አልተናገረችም። ለወንድሟ ሚስትም «ያዘው ያልኩት እኔ ነኝ» አላለቻትም፤ ሆድ ይፍጀው ብላ ያዘችው። የእኔ እውቀት ሰው ገዳይ ነው ብላ ትምህርቷንም በዚያው ወር ተወች። ከዓመት በኋላ ምድር ቤቱ ጽሑፍ የሚያምርለት ሰው ሲፈልግ ተቀጠረች፤ በሁለተኛው ሳምንት ሆስፒታሉ የላከውን የዚያን ጠርሙስ መለያ፣ ያንን ቀን መዝገብ ላይ አነበበችና መልቀቅ አቃታት።

አንድ ጊዜ ብታዞረው ያልቅ ነበር። አላዞረችውም። ጅራቱ ሙሉ፣ ዓይኑ የተገለጠ ሆኖ ካገኘችው ወንድሟን የገደለችው እሷ ናት። ካላየችው ግን አንድ ጥርጣሬ ይተርፋታል። በዚያች ጥርጣሬ ኖረች።

ዘንድሮ አዲስ ዶክተር መጣች። ወጣት ናት፣ ፈጣን ናት፣ መለያና እንስሳ ካልተስማሙ እንቅልፍ የላትም። «አዞ እኮ ከእንሽላሊት ይልቅ ለዶሮ ይቀርባል» አለቻት በመጀመሪያው ቀን።

«ታዲያ ዶሮ አዞን ስታይ ለምን ትሸሻለች?»

«ዘመዷ ስለሆነ ነዋ!» አለች ዶክተሯ፤ ሁለቱም ሳቁ፤ ተዋደዱ።

ዶክተሯ ከመጀመሪያው መደርደሪያ ጀምራ እያንዳንዱን እያወጣች ትመረምር ገባች። እትዬ ጠርሙስ በየቀኑ ስንት እንደቀረ ታያለች። መደርደሪያው ሲጋመስ ጠርሙሱን ልሰብረው ብላ አስባ ነበር፤ በእጇ እስከማንሳት ደርሳለች። አላደረገችውም። በአሥራ አንደኛው ቀን፣ ረፋድ ላይ፣ ዶክተሯ ጥግ ደረሰች።

«ወገኑ ያልተለየ?» አለች፣ እንደተሰደበች ሰው። «ሠላሳ ዓመት ሙሉ? እስቲ ና አንተ ወገን የለሽ!» ክዳኑን ከፈተች፣ በወረንጦ አውጥታ ሳህኑ ላይ አጋደመችው። አንዱ የጭንቅላቱ ጎን ተጨፍልቋል። ገለበጠችው።

እትዬ ጠርሙስ ወደ መስኮቱ ዞራለች።

«እትዬ፣ ይሄ ሰው ገደለ ያለው ማን ነው?»

«ሆስፒታሉ።»

«ይሄማ ማንንም አልገደለም። እንሽላሊት እኮ ነው። የጆሮውን ቀዳዳ ይዩት። ዓይኑንም ጨፍኗል። ጅራቱም የለም፤ አንድ ሰው ይዞት ጥሎለት ያመለጠ ይመስለኛል።»

ዞረች። ባልተጨፈለቀው በኩል አንድ ዓይን አለ፤ ተከድኗል፣ እንደተኛ ሰው። «እባብ» የሚል መለያ ካላቸው ሁሉ መሀል አልይሽ ያላት እሱ ብቻ ነበር። ወንበር ስባ ተቀመጠች። ደስታ ይመጣል ብላ ጠበቀች፤ አልመጣም። ልክ ነበረች። ልክ መሆኗ ግን የወንድሟን እጅ ከድንጋዩ ሥር አላወጣውም፤ ውስጥ ሌላ ነበር፣ እሱም የገባው እሷን አምኖ ነው።

«አዲስ መለያ ይጻፉለታ» አለች ዶክተሯ ጓንቷን እያወለቀች። «ከታች 'የለየው ሰው' የሚል መስመር አለ። መጀመሪያ የለየው ሰው ስም ነው የሚጻፈው። እኔን ይጻፉኝ፣ ሌላ ሰው ከሌለ።»

ከሰዓት በኋላ አስፈቅዳ ወደ ወንድሟ ሚስት ቤት ሄደች። ሴትየዋ ልብስ ሰፊ ናት፤ አሁን ዓይኗ ደክሟል፣ እጇ ግን አልደከመም። በየሳምንቱ ትጠይቃታለች፤ ስለ አየሩ፣ ስለ ወገብ ሕመም ያወራሉ። ስለዚያ ቀን አንድም ጊዜ አንስተው አያውቁም።

«እታለም» አለች፣ ሳትቀመጥ። «ያን ቀን ጋሼን ያዘው ያልኩት እኔ ነኝ።»

የስፌት መኪናው አልቆመም። «አውቃለሁ።»

«ማን ነገረሽ?»

«ራሱ ነዋ፣ መኪናው ውስጥ።» ጨርቁን እስከ ጫፉ ሰፍታ ክሩን በጥርሷ በጠሰች። «'ሊቋ ልክ ናት፤ የነከሰኝ ሌላ ነው፣ ውስጥ ነበረ' አለኝ። 'ንገሪያት፤ ትምህርቷን እንዳትተው' አለኝ። ሁለት ጊዜ ነው ያለኝ። ሁለተኛው ላይ አፉ አልታዘዝ ብሎት ነበር።»

እትዬ ጠርሙስ ወደ ስፌት መኪናው ተጠጋች።

«አልነገርሽኝም።»

«አልነገርኩሽም። የማዝንበት ሳይሆን የምናደድበት ሰው ያስፈልገኝ ነበር። እነግራታለሁ እያልኩ ስቆይ ትምህርቷን ተወች አሉኝ። ልዋሽሽ? እሰይ፣ ይበላት አልኩ። ከዛ ንዴቱ ለቀቀኝ፤ ግን አንቺ ቀድሞውኑ እዛ ምድር ቤት ገብተሽ ነበር። በየሳምንቱ ስትመጪ ዛሬ እነግራታለሁ እላለሁ። ስትወጪ በሩን እዘጋለሁ።» ፊቷን በጨርቁ ሸፈነች። «ሠላሳ ሁለት ዓመት በአፌ ይዤው ነው የኖርኩት።»

እትዬ ጠርሙስ መቆጣት ፈለገች። ከየት ታምጣው? እሷም ከዚያው በር እየገባች፣ የራሷን ምስጢር ይዛ እየወጣች ነው የኖረችው። የወንድሟ ሚስት ትከሻ ላይ እጇን አኑራ ጥቂት ቆየችና ሄደች።

በማግስቱ ጠዋት ምድር ቤቱን ከፈተች፣ መብራቱን አበራች። ዓይኖቹ ተቀበሏት። ጠረጴዛዋ ላይ ተቀምጣ አዲሱን መለያ በዚያው ውብ ጽሑፏ ጻፈች፤ ክፍለመደቡን፣ አስተኔውን፣ ዶክተሯ የነገረቻትን ወገን። «ሰው የገደለ» የሚለውን አልገለበጠችም። ጠርሙሱን ፊቱን ወደ ሰው አዙራ አስቀመጠችው።

ዶክተሯ ቡናማ ካፖርቷን እያወለቀች መጥታ ወረቀቱን አነበበች።

«'የለየው ሰው፣ ሊቋ' ይላል። ቀኑም የድሮ ነው። ማን ናት ሊቋ?»

«እዚህ ትማር የነበረች ልጅ ናት» አለች እትዬ ጠርሙስ። «ሁለተኛ ዓመት ላይ አቋረጠች።»