ከሐጂ ሱልጣን በር ፊት የቆመው ታክሲ

ተራ አስከባሪ ሆኜ ሥራ የጀመርኩ ቀን፣ ጋሼ ሽፈራው መጀመሪያ ያሳዩኝ ታክሲ ሳይሆን በር ነው። ሥራውን ለእኔ አስረክበው የሚወጡ ሽማግሌ ነበሩ።

«እህል በረንዳ ጀርባ ቦታ የለም፤ ሾፌር በር ፊት መቆሙ አይቀርም» አሉኝ። «ሲቆም ግን ማርሹን አውጥቶ ፎሌ ላይ ይተዋል፤ የእጅ ፍሬን አይዝም፤ ጎማው ሥር ታኮ ድንጋይ ያደርጋል። የበሩ ባለቤት መውጣት ሲፈልግ ድንጋዩን አንስቶ መኪናውን ይገፋዋል። ገባሽ አስካለ?»

የተማርኩት እስከ አራተኛ ክፍል ነው፤ ይህን ለመረዳት ይበቃል። ሁለት ልጆች ስለማሳድግ እንጀራ የሚያሳጣ ስህተት እንዳልሠራ እፈራ ነበር። በየሚኒባሱ ጎንበስ እያልኩ ታኮውን፣ በመስኮት እያሾለቅሁ የእጅ ፍሬኑን አያለሁ። ሾፌሮቹ «ማዘር፣ ዘይቱንም እይልን እንጂ!» እያሉ ይስቁብኛል።

ለዓመታት እንዲህ ኖርን። ከዚያ ከትራንስፖርት ቢሮ የተላኩ ሰዎች መጥተው የታክሲ መቆሚያ መስመር በነጭ ቀለም ቀቡ። የሐጂ ሱልጣንን በር ፊት ሳይዘሉ ቀቡት። ሐጂ በሳምንት ሦስት ቀን ኩላሊታቸውን የሚታጠቡ ሰው ናቸው። መኪናቸው የሚወጣው በዚያ በር ብቻ ነው።

ከባለቤታቸው ከእትዬ ራህመት ጋር ቢሮ ሄድን። ባለሙያው ፕላኑን ዘርግቶ «እዚህ ላይ በር የለም» አለ።

«ልጄ፣ በሙሽርነቴ የገባሁበት በር ነው» አሉት።

«ፕላኑ ላይ የለም፣ እናቴ።»

«ታዲያ እስከ ዛሬ በግድግዳ ነው የምንወጣው?»

ደብዳቤ አምጡ አለን። ወሰድን። ኃላፊው ስብሰባ ላይ ነው ተባልን። ሦስት ጊዜ ተመላልሰን ሦስቱንም ጊዜ ስብሰባ ላይ ነበር።

መስመሩ ከተቀባ ወዲህ ሾፌሮቹ «ቦታው በሕግ የኛ ነው» ብለው ታኮውን ተዉት። አንድ ማክሰኞ ካሳሁን የሚባል ሾፌር በሩ ፊት አቁሞ የእጅ ፍሬኑን ሳበ።

«ኧረ ካሳሁን፣ ሐጂ ዛሬ ይወጣሉ!»

«ማዘር፣ የት ልቁም? ከመስመሩ ብወጣ ትራፊክ ይቀጣኛል። ምሳ በልቼ መጣሁ።» ቆልፎ ሄደ።

ተከትዬ አላስቆምኩትም። የተራ አስከባሪዎች ማኅበራችን ሰብሳቢ «ከሾፌር ጋር የተጣላ የሥራ መታወቂያውን ይመልሳል» ብሎን ነበር። ዝም ያልኩት እኔ ነኝ፤ በማንም አላሳብብም።

ብዙም ሳይቆይ በሩ ተከፈተ። ሐጂ ፊታቸው አብጦ መኪናቸው ውስጥ ተቀምጠዋል። እትዬ ራህመት ታክሲውን አይተው ጭንቅላታቸውን ያዙ። በየምግብ ቤቱ ሮጥኩ፤ ካሳሁን የለም። ወደ እህል በረንዳ ተሸካሚዎች ዞሬ «ወንድሞቼ፣ ሰው ሊሞትብን ነው!» ብዬ ጮህኩ።

ስምንት ሆነው ኬሻቸውን ጥለው መጡ። የታክሲውን ኋላ እያነሱ በስንዝር በስንዝር ወደ ጎን አወጡት። አንዱ «ከጤፍ ይሻላል፤ ቢቀደድም አይፈስም» አለ። ማንም አልሳቀም።

ሐጂ ሆስፒታል ሲደርሱ የእጥበት ማሽኑ ለሌላ በሽተኛ ተሰጥቶ ነበር። የታጠቡት በማግስቱ ነው። ተረፉ።

የሐጂ መኪና እንደወጣ ካሳሁን ጥርሱን እየጎረጎረ ተመለሰ። «መኪናዬን ማን ነካው?»

«እኔ!» አልኩት። የሆነውን እየጮህኩ ነገርኩት።

ሰብሳቢው ደረሰ። «አንቺ ሴትዮ፣ የተቀጠርሽው ለታክሲ ነው ለሰው ግቢ?»

«ለመንገዱ ነው። መታወቂያዬን ከፈለግህ ይኸው!»

እጁን አልዘረጋም። ካሳሁን አንገቱን ደፍቶ «እውነቷን ነው» አለ። «ግን ማዘር፣ እኔንስ የት ታቆሚኛለሽ?»

ጥያቄው ትክክል ነበር። የበሩን ስፋት በእርምጃዬ ለካሁ፤ የሁለት ታክሲ ቦታ ሆነ። በሩ ፊት የሚቆሙትን ሁለቱን ትራፊክ ወደማይደርስበት የእህል መጋዘን ጀርባ ላክኋቸው፤ ተራቸው ሲደርስ በፊሽካ እጠራቸዋለሁ። ቢሮው መሥራት የነበረበት ይህንኑ ነው፤ እኔ ያለ ፕላን በአንድ ከሰዓት ጨረስኩት።

ቀለሙን እስከ ዛሬ ማንም አላጠፋም። ሕጉ አሁንም ለእኔ አይፈርድም። ስለዚህ ሐጂ በሚወጡበት ቀን ቀለሙ ላይ እኔው እቆማለሁ።

ለእናንተ ለአዲሶቹ ተራ አስከባሪዎች የምለው ይህን ነው፦ በር የሚጠበቀው ሾፌሩ ሞተሩን ሳያጠፋ ነው። ቆልፎ ከሄደ በኋላ የሚቀረው ሸክም ነው።