ፍሪጁ ብቻ የሚሰማበት ትዕይንት

የኪሩቤል ሥራ ዐረቦችን ማስለቀስ ነው። ሮም፣ ፒኜቶ በሚባል ሰፈር አብረን በተከራየነው ቤት፣ አልጋውና ኪቦርዱ መሃል ተጣጥፎ ተቀምጦ፣ ለቤይሩት ተከታታይ ድራማዎች ሙዚቃ ይደርሳል። እኔ ከጎኑ ባለው ክፍል ነኝ። ቫዮሊኑን ስሰማ ማን እንደሞተ ማንም ሳይነግረኝ አውቃለሁ።

የሚገርመው ሰውዬው ዐረብኛ አይችልም። የሚችሉት እናቱ እትዬ ወለተ ገብርኤል ናቸው፤ ሮም መጥተው አሮጊት ጠባቂ ከመሆናቸው በፊት ቤይሩት ሰባት ዓመት በሰው ቤት ሠርተዋል። ሐሙስ ከሰዓት ዕረፍታቸው ስለሆነ በትራም ይመጡና አጠገቡ ተቀምጠው፣ «አሁን እየዋሸቻት ነው፣ ቀስ በል» እያሉ ያርሙታል። ስለ ቤይሩት ኑሯቸው ግን ትንፍሽ ብለው አያውቁም።

ዘንድሮ ቁጡ ዳይሬክተር መጣ። «የኩሽናው ትዕይንት ካላስለቀሰኝ ሌላ ሰው እፈልጋለሁ» አለው። ኪሩቤል ሳምንት ሙሉ እንቅልፍ አጥቶ፣ እስከዛሬ ከሠራው ሁሉ የሚበልጥ ዜማ አወጣ። እኔ እንኳ እንባዬን በሽንኩርት አሳበብኩ።

ሐሙስ እትዬ ትዕይንቱን አዩት። የቤት ሠራተኛዋ እናቷን ልትቀብር ፓስፖርቷን ትለምናለች፤ ማዳም ስልኳን እያየች ዝም ትላለች።

«ሙዚቃውን አውጣው» አሉ።

«አሎራ፣ እሺ፣ ምን ላስገባበት እማዬ?»

«ምንም። እኔ ቆሜ መልሷን ስጠብቅ የሰማሁት የፍሪጁን ድምፅ ብቻ ነው። ኋላ፣ ‹ሰሃኑ ታጥቦ አላለቀም› አለችኝ።»

ኪሩቤል ያደገው አዲስ አበባ፣ የእትዬ እናት ከሆኑት አያቱ ጋ ነው። እናቱ ለአያቱ ቀብር ያልመጡት ረስተውን ነው ብሎ ሃያ ዓመት ተቀይሟቸው ኖሯል። ያን ቀን አፈረ። ቫዮሊኑን አጠፋና የእኛን አሮጌ ፍሪጅ ድምፅ ቀድቶ አስገባበት። ለእያንዳንዱ የድራማው ክፍል በሚላከው የሙዚቃ ዝርዝር ላይ፣ ከዚያ ትዕይንት ትይዩ፣ በሙዚቃው ደራሲ ቦታ «ወለተ ገብርኤል» ብሎ ጻፈ።

በማግስቱ ዳይሬክተሩ ደወለ። እኔ ኪሩቤል ከሥራው ይባረራል ብዬ አዲስ ተከራይ ማፈላለግ ጀምሬ ነበር።

«ይቺ ሴት ማን ናት?»

«እናቴ ናት። እንደዚያ ዓይነት ኩሽና ውስጥ ቆማ ነበር።»

«ስሟን አስተካክለህ በዐረብኛ ላክልኝ» አለ ሰውዬው።

ክፍሉ ሲተላለፍ ሦስታችን ተቀምጠን አየን። እትዬ ዐረብኛ ይናገራሉ እንጂ ማንበብ አይችሉም፤ መጨረሻ ላይ ስሞቹ ሲወርዱ ኪሩቤል ስማቸውን በጣቱ አሳያቸው። በዚያ አገር ሰባት ዓመት ስማቸው የኖረው ማዳም ቆልፋ ባስቀመጠችው ፓስፖርት ላይ ብቻ ነበር።

«አቁመው» አሉ፣ መነጽራቸውን እየፈለጉ። «ልየው።»