የኦዴት ካርኔሽን

ፈረንሳይ የኦዴት ፕሊሾንን ፊት እንጂ ስሟን አላወቀም። ዕድሜ ልኳን በቴሌቪዥን ገረድ ሆናለች፣ መነኩሲት ሆናለች፣ ባሏን የቀበረች መበለት ሆናለች። ሥጋ ቤት ወረፋ ስትይዝ ሰው ትኩር ብሎ ያያትና፣ «ይቅርታ፣ የእህቴ አማት ነዎት እንዴ?» ይላታል። እሷም፣ «አይደለሁም፤ ባለፈው ሐሙስ መርዝ የጠጣችው ነኝ» ትላለች።

በስተርጅና ግን ቀናት። በአንድ ተከታታይ ድራማ ላይ የሕንፃ ጠባቂዋን ማዳም ቡርሴን ሆና ዓመታት ዘለቀች። ባል የላት፣ ልጅ የላት፤ ያቺ መጥረጊያ የማይለያት ነገረኛ ሴት ነበረች ቤተሰቧ። እሷን መነጠቅ ለኦዴት ከሞት አይተናነስም።

አንድ ማለዳ መልበሻ ክፍሏ ስትገባ፣ መስተዋቱ ሥር ቀይ የካርኔሽን አበባ እቅፍ ተቀምጦ አገኘች። ካርዱ ላይ የአዲሱ አለቃ የፋብሪስ ስም ብቻ ነበር።

በድሮ ዘመን ቲያትር ቤቶች፣ አለቃው ውሏ ለሚታደስላት ተዋናይት ጽጌረዳ፣ ለምትባረረዋ ካርኔሽን ይልክ ነበር። ኦዴት በወጣትነቷ ሊዮን ከተማ ሳለች አንዲት ጓደኛዋ ያንን አበባ ታቅፋ በጓሮ በር ስትወጣ አይታለች። ከዚያ ወዲያ ልጅቷን መድረክ ላይ ያያት የለም።

ሜካፕ የምትሠራላት ዣኒን ገብታ አበባውን ስታይ ብሩሿ ከእጇ ወደቀ።

«ይሄን መዓት ማን አመጣው?»

«አዲሱ አለቃ።»

«እሱ እኮ ከባንክ የመጣ ልጅ ነው፤ የእኛን ነገር ምን ያውቃል? ቆይ፣ መጀመሪያ ጸሐፊዋን ልጠይቅልሽ።»

«ምኑ ይጠየቃል? ዝም ብለሽ ቀቢኝ!»

የዚያን ቀን ሁሉም ነገር ከፋባት። ኮሪደሩ ላይ የሚያወሩት ሰዎች እሷን ሲያዩ ተበተኑ። ደራሲው ሰላምታዋን አንገቱን ደፍቶ አለፈው። ቀረጻው ላይ ማዳም ቡርሴ የምትጠርገው ደረጃ ስታየው ገደል መሰላት። እስኪያባርሯት መጠበቅ አልቻለችም፤ መጥረጊያዋን እንደያዘች አለቃው ቢሮ ገባች።

«ሙሴ ፋብሪስ፣ እኔን በአበባ የሚያሰናብት ሰው አልተወለደም። ቡርሴ ከደረጃ ትውደቅና ትሙት። በገዛ እግሬ እሄዳለሁ!»

የወጣቱ ፊት ቀስ በቀስ በራ። የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል።

«ከደረጃ ወድቃ... ማዳም ኦዴት፣ ይሄ እኮ ድንቅ ነው! ለዘንድሮው ድራማ መዝጊያ አጥተን ስንጨነቅ ነው የከረምነው።»

ዣኒን እያለከለከች ደረሰች። «ኦዴት! አበባው ለልደትሽ ነው! ባቡር ጣቢያ ያገኘውን አበባ ነው የገዛው!»

«አዎ፣ መልካም ልደት» አለ ፋብሪስ፣ ለደራሲው ስልክ እየደወለ።

ኦዴት «ተውት» ልትል ፈለገች። ኩራቷ አንደበቷን ያዘው።

የማዳም ቡርሴ ሞት በታየ በማግስቱ፣ ሥጋ ቤት ወረፋ ላይ አንዲት ሴት ክንዷን ነካ አደረገቻት።

«ይቅርታ፣ ማዳም ቡርሴ አይደሉም እንዴ?»

ኦዴት ሴትዮዋን አየቻት።

«አይደለሁም፤ እሷን ገደልኳት» አለችና ሥጋዋን ሳትገዛ ወጣች።