ሞላሌ ላይ የተፈረደላት ጃፓናዊት

ትናንት የልጅ ልጄ በስልኳ ድምፅ የሌለው የድሮ የጃፓን ፊልም አሳየችኝ። አንዲት ልጅ አባቷ ፊት ተንበርክካ ከንፈሯን ታንቀሳቅሳለች። «እማማ፣ ምን እያለች ነው?» ስትለኝ ፊልሙን ዐወቅሁት። ይህን ጥያቄ አንድ ጊዜ ያደግኩባት የመንዝ ከተማ፣ ሞላሌ፣ በሙሉ ጠይቃኛለች።

ስምንተኛ ክፍልን የጨረስኩበት ክረምት ነበር። እናቴ ሞታለች፤ አባቴም «ደብረ ብርሃን ሄደሽ ብትማሪ ይህን ቤት ማን ይይዘዋል?» ብለው ነገሩን ዘግተውታል። የተጣላውን ሁሉ የሚዳኙ ሽማግሌ ነበሩ፤ ቃላቸውን ሲያጥፉ ያየ ሰው የለም።

የሒሳብ አስተማሪያችን ጃፓናዊ ነበር። አንድ ቅዳሜ፣ ገበያው ሲፈታ፣ የክፍሉን መስኮቶች በወፍራም የሱፍ ባና ሸፍኖ ከአገሩ ያመጣውን ድምፅ የሌለው ፊልም ሊያሳየን ተነሣ። በእነሱ አገር ድሮ ከሸራው አጠገብ ቆሞ ተዋንያኑን ተክቶ ለተመልካቹ የሚናገር ሰው ነበረ፤ ያንን ሥራ ለእኔ ሰጠኝ። ታሪኩንም አስቀድሞ ነገረኝ፤ እናት የሌላት ልጅ መሄድ እያማራት ለአባቷ ስትል ትቀራለች።

ክፍሉ ጢም ብሎ ሞላ። እርጥብ ሱፍና ቅቤ ይሸታል፤ ሰዉ የገብስ ቆሎ ይቆረጥማል። አባቴ ከሽማግሎቹ ጋር ፊት ተቀምጠዋል። ልጅቷ አባቷ ፊት ስትንበረከክ አፌ ቀደመኝ።

«አባባ፣ ይልቀቁኝ፤ ልማር። ቤቱን አልረሳውም» አልኩ።

መቼም መንዝ ውስጥ አባትና ልጅ ሲሟገቱ እያየ ዝም የሚል ሽማግሌ የለም። አንደኛው ተነሥተው ሸራው ላይ ያለውን አባት «ጌታው፣ ትንሽ ይታገሡን» አሉት። ከዚያ ወደ አባቴ ዞሩ፤ «በል እንጂ፣ አንተ ፍረድ።»

አባቴ በርኖሳቸውን አስተካከሉ። «ትሂድ» አሉ። «ልጅን ለቤት ሥራ ብሎ ማስቀረት ግፍ ነው።»

ሰዉ አጨበጨበ፤ እኔማ ለመብረር ትንሽ ነው የቀረኝ። ሸራው ላይ ግን ልጅቷ ተነሥታ መጥረጊያዋን አነሣች።

«ምነው፣ ፈርደንላት የለም እንዴ?» አለ አንድ ሰው ከኋላ። አባቴ ሸራውን ትተው እኔን አዩኝ።

ቤት ልንደርስ ስንል ነው የተናገሩት። «ያች ልጅ እንደዚያ አላለችም፣ አይደል?»

«አላለችም፣ አባባ።»

«እኔ ግን ብያለሁ» አሉ። መስከረም ላይ በቅሎ ጭነው ራሳቸው ሸኙኝ።

ለፋሲካ ስመለስ ጣቶቻቸው ቂጣ ሲጋግሩ ተቃጥለው አገኘኋቸው። እኔ የከተማውን ወሬ ለመዘርገፍ ቸኩዬ ስለነበር ምንም አላልኩም፤ አሁን ድረስ ያሳፍረኛል።

ትናንትም የልጅ ልጄ መልስ ትጠብቅ ነበር። በዚህኛው ጊዜ አልዋሸሁም።

«እቀራለሁ ነው የምትለው» አልኳት። «በእኛ ቤት ግን የቀሩት አባቴ ናቸው።»