ምክንያት የሌለው ጭንቀት

የፒያሳው ዶሮ ማነቂያ ሰፈር ከፈረሰ ወዲህ ጤና የለኝም። እኛ የምንኖረው ወረድ ብሎ፣ ራስ መኮንን ድልድይ አጠገብ ነው። የአሸዋ መኪና ባለፈ ቁጥር ዶዘር መጣብን ብዬ ከአልጋዬ እዘላለሁ። ሚስቴ ሰለቻትና "ይሄ ነገር ከጭንቀት አልፏል፤ ሐኪም ይይህ" ብላ ፒያሳ ወዳለ የአእምሮ ሐኪም ላከችኝ።

ሐኪሙ ሸበት ያሉ፣ ረጋ ያሉ ሰው ናቸው።

"ልጄ፣ ጭንቀት ሁሉ በሽታ አይደለም" አሉኝ። "ምክንያት ካለው የጤና ነው። ያለ ምክንያት ሲከርም፣ እንቅልፍ ሲነሳህና ሥራ ሲያስፈታህ ነው ሕመም የሚባለው። ለመሆኑ ቤታችሁ ይፈርሳል ያላችሁ አለ?"

"የለም።"

"ምልክት ተደርጎበታል?"

"ኧረ አልተደረገበትም።"

"አየህ? ምክንያት የለህም!" አሉና ዓይኔን አስጨፍነው በረጅሙ እንድተነፍስ አዘዙኝ።

ደህና ቀለል እያለኝ ሳለ በሩ ተንኳኳ። ሜትር የያዙ ሁለት ሰዎች ይቅርታ ጠይቀው ገቡና ከሐኪሙ ጀርባ ያለውን ግድግዳ ለኩ። አንደኛው በቀይ ቀለም ትልቅ ኤክስ አደረገበት።

"ምንድን ነው ይሄ?" አሉ ሐኪሙ ከወንበራቸው ብድግ ብለው።

"ምንም አይደል ዶክተር፣ አይጨነቁ" ብለዋቸው ወጡ።

እኔ እንደታዘዝኩት መተንፈሴን ቀጠልኩ። ትንፋሽ ያጠራቸው እሳቸው ናቸው። በቀዩ ቀለም ላይ አፍጥጠው ቆዩና ወደ እኔ ጠጋ ብለው፣ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ጠየቁኝ፦

"ልጄ፣ እናንተ ሰፈር የሚከራይ ቤት ይኖር ይሆን?"