ባዶ ያልተመለሰው ክዳን

መጀመሪያ ያየሁት ጫማዎቹን ነው። ከጣቢያው እስር ክፍል የብረት በር ውጭ ግድግዳውን ተጠግተው፣ የሴት ነጠላ ጫማዎች ጎን ለጎን ተቀምጠዋል። አንዱ ጥንድ ግን ከሌሎቹ ርቆ፣ የቆሻሻ ውሃ ማፍሰሻው አጠገብ ለብቻው ነበር። በር ጠባቂዋ ፖሊስ «እማማ፣ ያንቺንም እዚህ አውልቂ» አለችኝ። መሃል ላይ ክፍት ቦታ አየሁና እዚያ አወለቅኩ።

ያሳሰረኝ አንድ ጥያቄ ነው። የሰፈራችን ወጣቶች ከተወሰዱ በኋላ ስብሰባ ተጠርቶ ነበር። እጄን አወጣሁና «ያጠፋ ይቀጣ። ግን አንዱ በዋስ ሲወጣ ሌላው ለምን ፍርድ ቤት እንኳ አይቀርብም? ለሁሉም እኩል ይሁን» አልኩ። ከአራተኛ ክፍል በላይ አልተማርኩም፣ ንግግርም አላውቅም። ሰዉ ግን አጨበጨበ። ጭብጨባው ሳይሆን አይቀርም የጎዳኝ። በሕማማት ሳምንት ድሬ፣ ሳቢያን ሰፈር ያለው ቤቴ ድረስ መጥተው «ለጥያቄ ነው፣ ትመለሻለሽ» አሉኝ። ምድጃ ላይ የነበረውን ሽሮ በምሳ ዕቃ ገልብጬ፣ ክዳኑን ጠበቅ አድርጌ ይዤ ወጣሁ። የእነሱ ጥያቄ እንደሚረዝም ጠርጥሬ ነበር።

ክፍሉ ጠባብ ነው፤ ቆርቆሮው ከረፋድ ጀምሮ እንደ ምጣድ ይግላል። ከጣሪያው ሥር ባለችው ትንሽ መስኮት የባጃጅ ጥሩምባ ይሰማል፤ ሰማይ ግን አይታይም። ውስጥ ሦስት ሴቶች አገኘሁ። አንዷ በስልኳ በጻፈችው ነገር የተያዘች የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ናት። ሁለተኛዋ ልብስ የምትነግድ ሶማሌ ናት፤ የሚፈለገው ወንድሟ ሲጠፋ እሷን ወሰዷት። ሦስተኛዋ በሩ ሥር፣ ከሽንት ባልዲው አጠገብ፣ ጉልበቷን አቅፋ ተቀምጣለች። የጫማው ባለቤት እሷ ነበረች።

ተማሪዋ ጆሮዬ ሥር መጣች። «እማማ፣ በዚያች ፊት ምንም እንዳትናገሪ።»

«ምን አደረገች?»

«ለምርመራ ስትጠራ ቶሎ ትመለሳለች። እንባ እንኳ የለባትም። ጆሮ ናት፣ የሰማችውን ታደርሳለች።»

«ቶሎ መመለስ ወንጀል ነው?»

«አቦ እማማ፣ አንቺ ገና ነሽ፣ አታውቂም።»

አልተከራከርኳትም። እውነትም አላውቅም ነበር። ከዚያ በኋላ ያየሁት ግን ይህን ነው፦ ለሁለቱ ከቤት ምግብ ሲመጣ ለእሷ የሚመጣ የለም። ሲበላ ፊቷን ወደ በሩ ታዞራለች። የጣቢያውን ዳቦ በሁለት እጇ ከልላ ትበላለች።

ለእኔም የመጣ ሰው አልነበረም። ልጄ ኢንዱስትሪ ፓርኩ ውስጥ ይሠራል። እናቱ በፖለቲካ ታሰረች ከተባለ እንጀራው እንደሚያሰጋው ይገባኛል። ቢገባኝም፣ በሩ ላይ ስም በተጠራ ቁጥር ቀና ማለቴን አላቆምኩም። ሁለቱ ሴቶች በሹክሹክታ ሲጫወቱ እኔ የግድግዳውን ስንጥቅ እቆጥር ነበር። በዕድሜዬ ከሰው ጫጫታ ርቄ ያደርኩት ያኔ ብቻ ነው።

የትንሣኤ ጠዋት እንኳን አደረሰሽ ያለችኝ ነጋዴዋ ናት። «እንኳን አደረሰሽ፣ አዬዮ» አለችኝ፤ በእነሱ ቋንቋ አያት ማለት ነው። ወዲያው ፖሊሷ በሩን ከፈተች።

«ዛሬ የበሰለ ምግብ አይገባም። ትእዛዝ ነው። ጥሬ ነገር ከሆነ ይገባል።»

«ጥሬ ምን ያደርግልናል? እሳት አለን?» አለች ተማሪዋ።

«እኔን አትጠይቂኝ። ትእዛዝ ነው አልኩሽ።»

ነጋዴዋ ሳቀች። «ወላሂ፣ በሬውን በቁሙ አስገቢልን እንግዲህ። ጥሬ ነው።»

ፖሊሷ ከንፈሯን ነክሳ ሄደች። ከደጅ የሰዎች ድምፅ ይሰማል። ዶሮ ወጥ ተሸክመው መጥተው የሚመለሱ ሰዎች ናቸው።

የጣቢያው ምግብ አብሳይ ለበዓል ወደ ቤቱ ሊሄድ ስለሆነ ምሳው በጠዋት መጣ። በንጹሕ የፕላስቲክ ባልዲ የተቀቀለ ቦሎቄ ነው፤ ገና ይሞቃል። ከጨው በቀር ምንም የለበትም። ተማሪዋ አይታ ወደ ግድግዳው ዞረች።

«ንፍሮ! በትንሣኤ ቀን ንፍሮ! እናቴን ታማ ነው ትቻት የመጣሁት። የለቅሶ እህል ፊቴ አታምጡ።»

ምን እንደፈራች ገብቶናል። እኔም ያን ባልዲ ሳየው የቀብር መልስ ድንኳን ውስጥ የተቀመጥኩ መሰለኝ። ግን ሌላ የሚበላ የለም። ያንን እንደመጣ ከበላን በዓሉን ራሳችን ቀበርነው ማለት ነው።

ያኔ ስሜ ተጠራ።

ፖሊሷ ፌስታል ወረወረችልኝ። ውስጡ ሽንኩርት፣ ቲማቲም፣ ቃሪያ፣ በውሃ ፕላስቲክ የተሞላ ዘይት፣ ብዙ ሎሚም ነበር። «ዶሮውን መለስነው። ይሄን ከደጅ ካሉት ሻጮች ገዛ መሰለኝ። ዘይቱ ጥሬ ነው የበሰለ ነው ብለን ተጨቃጭቀን ነው የገባልሽ» አለችኝ።

«ማን ነው ያመጣው?»

«አንድ ሰውዬ። ስሙን አልነገረንም። ቶሎ ሄደ።»

ሎሚዎቹን አወጣሁ። ከሻጭ የተገዙ አልነበሩም። ጠጣር፣ አረንጓዴ፣ አንዳንዱ ከነቅጠሉ ነው። የግቢዬን ዛፍ ሎሚ ሳይበስል የሚቀጥፍ አንድ ሰው ብቻ አለ፤ ከልጅነቱ ጀምሮ እየተቆጣሁት አልተወም። ፌስታሉን ደረቴ ላይ ይዤ ትንሽ ቆየሁ። ከዚያ «የቦሎቄውን ባልዲ አምጡልኝ» አልኩ።

የእናቴን ታሪክ ነገርኳቸው፦ ድሮ እዚሁ ድሬ ግሪኮች ቤት ምግብ ታበስል ነበር። ቦሎቄን በሎሚና በዘይት ዘፍዝፎ እንደ ሰላጣ ማቅረብ ከእነሱ ለመደች፣ ቃሪያውን ራሷ ጨመረችበት። በእኛ ቤት በዓል ያለ እሱ አይወጣም። በድሬ ሙቀት ወጡ ሲከብድ ሆድ የሚያቀለው እሱ ነው። ምስጢሩ ሁለት ነገር ነው፤ ሎሚው ቦሎቄው ሳይቀዘቅዝ ይግባበት፣ ከገባበት በኋላ ደግሞ ማንም አይንካው።

ቢላ የለንም። ሎሚዎቹን ተረከዜ ሥር አንከባልዬ አለሰለስኳቸውና ነጋዴዋ በጥርሷ ቀደደቻቸው፤ ገና በሚሞቀው ቦሎቄ ላይ ጨመቅናቸው። ሽንኩርቱን በፌስታሉ ላይ በጡጫ መታሁና በጥፍሬ እየተረተርኩ፣ በመዳፌ አሽቼ ባልዲው ውስጥ ጨመርኩት። ክፍሉ መስኮት የሌለው ያህል ነውና ሁላችንም አነባን። ተማሪዋ ብዙ አነባች። ሽንኩርቱ ካለቀ በኋላም ማልቀሷን አላቆመችም፤ እኛም አልጠየቅናትም።

ቀና ብላ ባልዲውን ስታይ «በጾም እህል ጾም ሊገደፍ ነው?» አለች። ድምጿ ግን የቅድሙ ቁጣ አልነበረውም።

«ንፍሮ ሎሚ አይነካውም» አልኳት። «ሎሚ የነካው የበዓል ነው። እናትሽም ብታየው ሰላጣ ነው የምትለው።»

«እንብላዋ ታዲያ!» አለች ነጋዴዋ።

«አይነካም። ሎሚው ይግባበት። እስከ ከሰዓት።»

«አዬዮ፣ ልትገድይን ነው?»

«እስላም ነሽ፣ ጾም የለብሽ፤ ምን አስቸኮለሽ?»

«ጾሙ የእናንተ፣ ረሃቡ የጋራ ነው።»

ባልዲውን በነጠላዬ ሸፍኜ አጠገቡ ተቀመጥኩ። ሽታው ክፍሉን ሞላው። ለመጀመሪያ ጊዜ የሽንት ባልዲውን ሽታ ረሳነው። በሩ ሥር ያለችው ሴት ፊቷን ወደ እኛ ሳታዞር በአፍንጫዋ ስትስብ አየኋት።

ፀሐይዋ ከመስኮቷ ስትርቅ ቲማቲሙንና ቃሪያውን በእጄ ቦጫጭቄ ጨመርኩ፣ ዘይቱን አፈሰስኩ። ከዚያ ማከፋፈል ጀመርኩ። ለተማሪዋ በምሳ ዕቃዋ፣ ለነጋዴዋ በምሳ ዕቃዋ፣ ለእኔ በምሳ ዕቃዬ። ከዚያ የምሳ ዕቃዬን ክዳን ገለበጥኩና ልክ እንደሌሎቹ ሞላሁት።

ተማሪዋ እጇን ከምግቧ አነሳች። «ለእሷ ነው?»

«አዎ።»

«እማማ፣ ነገ እኛን ትሸጣለች። እሷ ከበላች እኔ አልበላም።»

«ጆሮ ትሁን አትሁን እኔ ዳኛ አይደለሁም። ያለ ማስረጃ የታሰርኩት እኔ፣ ያለ ማስረጃ ልቅጣት? በዚህ ክፍል የተቀመጠ ሁሉ ድርሻ አለው። አንቺ ካልበላሽ ያንቺም ድርሻሽ ይቀመጥልሻል፤ ለማንም አልሰጠውም።»

ከበሩ ሥር ቀጭን ድምፅ መጣ። ስትናገር ስሰማት የመጀመሪያዬ ነው። «እማማ፣ ተዪው። እኔ ለምጄዋለሁ። በሰላም ግደፉ።»

ይህን ነው መስማት ያልቻልኩት። ሰው ምኑን ነው የሚለምደው? ክዳኑን በአንድ እጄ፣ የራሴን ምሳ ዕቃ በሌላው ይዤ ተነሳሁ። ጉልበቴ ያመኛል፤ ግን ሄጄ አጠገቧ፣ የሽንት ባልዲው ጥግ ተቀመጥኩ።

«እንኳን አደረሰሽ» አልኳት። «ብይ።»

አንዲት ፍሬ አነሳች። አኘከች። ዓይኗን ጨፈነች።

«ሎሚው በዛ?» አልኳት።

«የለም» አለች። «ልክ ነው።»

እስከ መጨረሻው ፍሬ አብረን በላን። ነጋዴዋ ከወዲያ ሆና «ወላሂ፣ ግሪኮቹ ሰው ናቸው» አለች። ተማሪዋ ለረጅም ጊዜ ምግቧን ስታይ ቆየች፤ በኋላ የማኘክ ድምፅ ሰማሁ። ዞር ብዬ አላየኋትም።

ማታ ላይ ወደ መጸዳጃ ተራ ሲደርሳት ሴትየዋ ክዳኑን ይዛ ወጣች። አጥባው ተመለሰችና በሁለት እጇ ሰጠችኝ። ውስጡ ግማሽ ሳሙና ነበር። የሳሙናዋን ግማሽ መሆኑ ያስታውቃል፤ የተቆረጠበት ጎን የጥርስ ምልክት አለው። እዚያ ክፍል ሳሙና ምን ማለት እንደሆነ የታሰረ ያውቀዋል።

«ይሄ ለምንድን ነው?»

«የሰው ዕቃ ባዶ አይመለስም፣ እማማ» አለችኝ። «እናቴ እንደዚያ ነው ያሳደገችኝ።»

በማግስቱ ጠሯት። አልተመለሰችም። ጫማዋ ግን ቀድሞ ከነበረበት ተነስቶ ከእኔ ጫማ አጠገብ አድሮ ነበር። ማን እንዳስጠጋው አላውቅም፤ ሲወስዷት ከእኔው አጠገብ ነው ያጠለቀችው።

እኔንም በኋላ ያለ ክስ፣ ያለ ይቅርታ ለቀቁኝ። እሷ ጆሮ ነበረች? እስከ ዛሬ አላውቅም። ብትሆንም ድርሻዋ ድርሻዋ ነው።

ቤቴ ተመልሼ በዓል በመጣ ቁጥር ቦሎቄ እዘፈዝፋለሁ። ልጄ በበዓል ቀን ፈረቃ ይገባል፤ ሎሚውን ግን ቀድሞ ቀጥፎ ያስቀምጥልኛል፣ እንደ ልማዱ ሳይበስል። ድሮ ግቢዬ በሰው ይሞላ ነበር። አሁን የታሰረች ሴት ቤት መግባት ያስጠረጥራል ብለው ነው መሰለኝ፣ ጎረቤቶቼ ሰላምታውን ከአጥር ወዲያ ሆነው ይጨርሱታል። ክርስቲያኑም እስላሙም፣ ስብሰባው ላይ ያጨበጨበውም ያላጨበጨበውም፣ ለእያንዳንዱ ቤት እኩል እኩል በሳህን እልካለሁ። ሳህኖቹ ይመለሳሉ። በደንብ ታጥበው፣ ባዶአቸውን።

አልቀየምም ብዬ አልዋሽም፤ እቀየማለሁ። ሳህኖቹን ተቀብዬ አደርቃቸውና እደረድራቸዋለሁ። ግማሹ ሳሙና አጠገባቸው መደርደሪያው ላይ ነው፤ ደርቆ ተሰንጥቋል፣ የጥርሱ ምልክት ግን አልጠፋም። ለሚመጣው በዓል ቦሎቄውን ገዝቻለሁ። በራሴ ልክ አልገዛሁም፤ ለሁሉም ቤት የሚሆን ነው።